የግድግዳው ታሪክ

ከማንበባችሁ በፊት፦ በአካባቢያችሁ ሁለት ሰዎች ተዋደው ሳለ እንዳይጋቡ የሚከለክል ልማድ አለን? ወይስ ነበረ? ምክንያቱስ ምን ነበር? በቡድን ሆናችሁ ተወያዩ።

«ከብዙ ዘመን በፊት በሩቅ አገር የተነገረ የፍቅር ተረት ለእኛ ምን ይፈይድልናል?» የሚል ጥያቄ በክፍል ውስጥ ብዙ ጊዜ ይነሣል። ጥያቄው ተገቢ ነው። ተረቱን እንደ ባዕድ ጌጥ ብቻ የሚመለከት ሰው ለጥያቄው መልስ ሊያገኝለት አይችልም። በእኔ አስተያየት ግን እንዲህ ያለው ተረት ዕድሜው የረዘመው ፍቅረኞቹ ስለ ሞቱ አይደለም። በመካከላቸው የቆመው ግድግዳ በየዘመኑና በየአገሩ የሚገኝ በመሆኑ ነው።

ተረቱ የፒራሞስና የቲስቤ ነው። ከጥንት የግሪክና የሮማ ተረቶች ጋር ተያይዞ የኖረ ሲሆን፣ ይበልጥ የታወቀው የሮማው ባለቅኔ ኦቪድ በ8 እ.አ.አ. ገደማ ባጠናቀቀው «ሜታሞርፎሲስ» በተሰኘው መጽሐፍ ነው። ሁለቱ ወጣቶች በባቢሎን ከተማ ጎረቤታሞች ነበሩ። ወላጆቻቸው እንዳይጋቡ ስለ ከለከሏቸው፣ ቤቶቻቸውን በሚለየው ግድግዳ ስንጥቅ በኩል ይንሾካሾኩ ነበር። አንድ ሌሊት ከከተማው ውጭ፣ ነጭ ፍሬ በሚያፈራ ዛፍ ሥር ለመገናኘት ተቀጣጠሩ። ቀድማ የደረሰችው ቲስቤ አፏ በደም የተነከረ አንበሳ አይታ ስትሸሽ መሸፈኛዋ ወደቀባት፤ አንበሳዪቱም ቦጫጨቀችው። ዘግይቶ የደረሰው ፒራሞስ በደም የተበከለውን ጨርቅ ባየ ጊዜ ፍቅረኛው የሞተች መስሎት በገዛ ሰይፉ ራሱን ገደለ። እርሷም ተመልሳ ባገኘችው ጊዜ ተከተለችው። የዛፉ ፍሬ ከዚያ ወዲህ ቀይ ሆነ ይላል ተረቱ።

ከብዙ መቶ ዓመታት በኋላ እንግሊዛዊው ሼክስፒር፣ ከጣሊያን የመጣ ታሪክ መነሻ አድርጎ፣ «ሮሜዎና ዡልዬት»ን ጻፈ። ተውኔቱ ለመጀመሪያ ጊዜ የታተመው በ1597 እ.አ.አ. ነው። በዚያም አንዱ ፍቅረኛ ሌላው የሞተ መስሎት ራሱን ያጠፋል። ግድግዳው ግን የድንጋይ ወይም የጭቃ አይደለም፤ የሁለት ቤተሰቦች ቂም ነው። ይህንኑ ተውኔት ከበደ ሚካኤል ወደ አማርኛ መልሰው በ1946 ዓ.ም. ለአገራችን አንባቢ አቀረቡት።

በ1958 ዓ.ም. ደግሞ የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» ታተመ። ይህ ልብ ወለድ ከባዕድ ተረት የተቀዳ ነው ማለቴ አይደለም። በዛብህና ሰብለ ወንጌል የጎጃም ልጆች ናቸው፤ የሚለያያቸውም የጎጃም ግድግዳ ነው። እርሱ የገበሬ ልጅ፣ እርሷ የፊታውራሪ መሸሻ ልጅ በመሆናቸው የዘርና የማዕረግ ልዩነት በመካከላቸው ቆመ። አንባቢ በሁለቱ ዕጣ ሲያለቅስ ያንን ግድግዳ መጠየቅ ይጀምራል። የድርሰቱም ኃይል ከዚህ ላይ ነው።

ቸሃ ውስጥ ሳስተምር የፒራሞስንና የቲስቤን ተረት ከተረክሁ በኋላ፣ «በእናንተ መንደር ግድግዳው የት ነው?» ብዬ ተማሪዎቼን ጠየቅሁ። ክፍሉ ለጥቂት ጊዜ ዝም አለ። በመጨረሻ አንዲት ልጅ ተነሥታ፣ «የቤታችንን ምሰሶ ያቆመው ሰውዬ ልጅ ለሥራ ወደ ቤታችን ይገባል፤ አማች ሆኖ ግን መግባት አይችልም» አለች። ከዚያ በኋላ ስለ ተረቱ ጥቅም የጠየቀኝ ተማሪ አልነበረም።

ልጅቱ የተናገረችው እውነት ነው። በጉራጌ ምድር እንጨት ጠርበው የጎጆውን ምሰሶ የሚያቆሙት ባለሙያዎች «ፉጋ» የሚል የማቃለያ ስም ተሰጥቷቸው ኖረዋል። በቀድሞው ልማድ ከገበሬው ወገን ጋር መጋባት ለእነርሱ ክልክል ነበር፤ መሬት ይዘው ከማረስም ተገልለው ነበር። ያ ውብ ጎጆ ያለ እነርሱ እጅ አይቆምም፤ ቤቱን የሠራው እጅ ግን ከቤቱ ልጅ ጋር ቀለበት አያስርም። ርዝራዡ ዛሬም ጨርሶ አልጠፋም።

አንዳንድ ሰዎች፣ «ልማድ የማኅበረሰብ ምሰሶ ነው፤ ምሰሶ የሚነቀንቅ ድርሰት ቤት ያፈርሳል» ብለው ይከራከራሉ። ልማድን ማክበር ተገቢ መሆኑን እኔም አምናለሁ። ነገር ግን ምሰሶና ግድግዳ አንድ አይደሉም። ምሰሶ ቤቱን ይሸከማል፤ ይህ ግድግዳ ግን የሚሸከመው ነገር የለም፤ ሰውን ከሰው ይለያል እንጂ። ደግሞም ጉራጌ ራሱ ልማዱን መጠየቅ ያውቃል። በ19ኛው ክፍለ ዘመን እንደ ኖረች የሚነገርላት የቃቄ ወርድወት በየጆካ ሸንጎ ፊት ቆማ ስለ ሴቶች የጋብቻ መብት እንደ ተሟገተች ይተረካል። ታሪኳም ከአፍ አልፎ በብሔራዊ ቴአትር መድረክ ታይቷል።

ሌሎች ደግሞ፣ «በ1987 ዓ.ም. የወጣው ሕገ መንግሥት በማኅበራዊ አመጣጥ ምክንያት ልዩነት እንዳይደረግ ደንግጓል፤ ድርሰት ምን ይጨምራል?» ይላሉ። ሕግ በሩን ይከፍታል። ይሁን እንጂ በተከፈተው በር ለመግባት የሚያፍር፣ የሚገባውንም በክፉ ዓይን የሚያይ ሰው እስካለ ድረስ ሥራው አላለቀም። አንባቢን በሌላ ሰው ሐዘን ውስጥ አስገብቶ ራሱን እንዲመረምር የሚያደርገው ሥነ ጽሑፍ ነው።

ቋንቋውም ለዚህ አያንስም። ሣህለ ሥላሴ ብርሃነ ማርያም የመንደር ሕይወትን የሚተርክ ድርሰት በቸሃ ቋንቋ ጽፈው፣ ፕሮፌሰር ቮልፍ ሌስላው ወደ እንግሊዝኛ ተርጉመውት በ1964 እ.አ.አ. አሜሪካ ውስጥ ታትሟል። የእምድብር ልጅ ስለ መንደሩ ለመጻፍ ባቢሎን መሄድ አያስፈልገውም ማለት ነው።

ስለዚህ ተማሪዎች ሆይ፣ የፍቅር ታሪክ ልትጽፉ ስትነሡ ሰይፉንና አንበሳውን አትቅዱ። በመጀመሪያ በመንደራችሁ ማን ከማን ጋር እንዳይበላ፣ እንዳይጋባ ወይም አብሮ እንዳይቀበር የተከለከለ እንደ ሆነ ጠይቁ። ያገኛችሁትንም በስሙ ጥሩት። ጥንታዊው ተረት በእናንተ እጅ ሕይወት የሚቀጥለው ያን ጊዜ ነው።

መልመጃ

1. ጸሐፊው ተረቱ ዕድሜው የረዘመበትን ምክንያት ምን ነው ይላሉ? ትስማማላችሁን?
2. ባቢሎን፣ ሼክስፒር በጻፈው ተውኔትና በ«ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ የቆሙትን ሦስት ግድግዳዎች አነጻጽሩ።
3. በምንባቡ ውስጥ የተነሡትን ሁለት ተቃራኒ አስተያየቶችና የተሰጣቸውን ምላሽ ለዩ።
4. «ምሰሶና ግድግዳ አንድ አይደሉም» የሚለውን ሐሳብ በራሳችሁ አባባል አብራሩ።
5. በአካባቢያችሁ ስላለ ወይም ስለነበረ አንድ «ግድግዳ» አራት አንቀጽ ያለው ሙግታዊ ድርሰት ጻፉ። የሰው ስም አትጥቀሱ።