የሐበሻ ቀጠሮ ፍልስፍና ነውን?

ሰነፍ ሰው ስንፍናውን በስሙ አይጠራውም፤ የክብር ስም ያወጣለታል። ለመዘግየትም የወጣለት ስም «የሐበሻ ቀጠሮ» የሚል ነው። ነገሩ በዚህ ቢቀር ቀልድ ነው ብለን ባለፍነው ነበር። አሁን ግን ተምረናል ከሚሉት ወገን አንዳንዶቹ ቀልዱን ወደ ፍልስፍና ከፍ አድርገው፥ «ጊዜ ለፈረንጅ እንደ ቀስት ወደ ፊት የሚበር ነው፤ ለአባቶቻችን ግን እንደ መንኰራኵር የሚዞር ስለ ሆነ ያመለጠው ተመልሶ ይመጣል፤ ኢትዮጵያዊም ለሰዓት አይገዛም» እያሉ ያስተምራሉ። ይህ ትምህርት ከአባቶች ያልተወረሰ፥ ትናንት የተፈጠረ፥ ድኻንም የሚጐዳ መሆኑን ለአንባቢ ማስረዳት እወዳለሁ።

ትምህርቱን የሰማሁት በሸዋ ሮቢት ከተማ በአንድ መሥሪያ ቤት ደጃፍ ነው። አንድ ሽማግሌ ገበሬ ጧት በሁለት ሰዓት ተቀጥረው፥ ከቆላው መንደራቸው በሌሊት ተነሥተው በእግራቸው መጥተዋል። ጊዜው ማሽላው እሸት የያዘበት፥ የግሪሳ ወፍም እንደ ደመና የሚወርድበት ነበር። በዚያ ወራት ከማማ ላይ ሆኖ በወንጭፍ የሚከላከል ሰው ከጠፋ የዓመት ቀለብ በጥቂት ቀን ያልቃል። የቀጠራቸው ሹም በአምስት ሰዓት መጣ፤ ይቅርታ እንኳ ሳይጠይቅ ነገ እንዲመለሱ ነገራቸው። እኔ በተቈጣሁ ጊዜ እየሳቀ ያንን ፍልስፍና አስተማረኝ። ሽማግሌው ግን «ልጄ፥ ወፉ ቀጠሮ አያፈርስም» ብለው ሄዱ።

አንድ ትምህርት የአባቶች ነው ለማለት ማን ጻፈው? ማን አስተማረው? ሕዝቡስ ኖሮበታልን? ተብሎ ይመረመራል። ኮንቲ ሮሲኒ የተባለው የኢጣልያ ሊቅ በፈረንጅ አቆጣጠር በ1920 ሐተታ ዘርዐ ያዕቆብን «የጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ድርሰት ነው» ብሎ ከተነሣ ወዲህ የሊቃውንት ክርክር አልተቋረጠም። በእጅ የሚጨበጥ መጽሐፍ ይህን ያህል ከተመረመረ፥ መጽሐፍም መምህርም የሌለው የመዘግየት ፍልስፍና ያለ ምርመራ የሚታመነው ለምንድር ነው?

አባቶች ስለ ጊዜ በእውነት ያስተማሩትን የሚሻ ሰው ባሕረ ሐሳብን ይማር። በዚያ አንዱ ዕለት በ60 ኬክሮስ ይከፈላል፤ አንዱም ኬክሮስ 24 ደቂቃ መሆኑ ነው። ኬክሮስም ደግሞ በ60 ካልዒት እየተከፈለ እስከ ሳድሲት ይወርዳል። አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው 30 ካልመጡ ሒሳቡ ስሕተት አለበት። እንዲህ ጊዜን እንደ ወርቅ የሚመዝን ሊቅ ለሰዓት ግድ አልነበረውም ይባላልን? መንኰራኵርማ በእርግጥ አለ፤ ዐቢይ ቀመር በ532 ዓመት ይዞራል። ነገር ግን የሚዞረው ቀመሩ ነው እንጂ ያለፈው ዕለት አይመለስም፤ ዓመተ ዓለሙም ወደ ፊት ብቻ ይቈጠራል።

የይፋትንም ሕዝብ ተመልከቱ። ሙስሊሙ በቀን አምስት ጊዜ በአዛን ድምፅ ይነሣል፤ ወሩን ጨረቃ አይቶ ይይዛል። ክርስቲያኑ ጾሙንና ቅዳሴውን በሰዓቱ ይጠብቃል። በሰንበቴ ገበያ አፋሩ ከበረሃ ግመሉን ነድቶ፥ ደገኛው ከተራራ እህሉን ጭኖ፥ አርጎባውና ኦሮሞውም ከየመንደሩ ወጥቶ እሑድ እሑድ ይገናኛል። ሰዓት በእጁ ያላሰረው ሰው ቀጠሮውን ሲያከብር፥ ሰዓት ያሰረው የሚያፈርሰው በየትኛው የአባቶች ትምህርት ነው?

«ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ብለው ይከራከሩናል። መልካም ተረት ነው። ነገር ግን እንቁላል በእግሩ የሚሄደው ዶሮዋ 21 ቀን ያህል ሳትሰለች ስለ ታቀፈችው ነው። «ጊዜ ይዞራል» ብላ ስትዘዋወር ብትውል እንቁላሉ ይገማ ነበር።

ወንዝ ሞልቶበት ወይም ለቅሶ ደርሶበት የዘገየ ሰው ይቅርታ ይገባዋል፤ እኔም የምናገረው በእርሱ ላይ አይደለም። የምናገረው መዘግየትን መብቱ ባደረገው ላይ ነው። የፍልስፍናውንም ሐሰትነት ከሁሉ ይልቅ የሚገልጠው የባለቤቱ ሥራ ነው። ያ ሹም የበላዩ ሲጠራው ከሰዓቱ ቀድሞ ከደጅ ይቆማል። እንግዲህ ጊዜ ለበላዩ ቀስት፥ ለድኻው መንኰራኵር ሆነ ማለት ነው። ይህ ትዕቢት እንጂ ፍልስፍና አይደለም።

አንባቢ ሆይ፤ ገንዘብ የሰረቀ ሰው ሊመልስ ይችላል። የሽማግሌውን ሦስት ሰዓትና ወፍ የበላውን ማሽላቸውን ግን ማን ይመልሳል? ስለዚህ በቀጠርኸው ሰዓት ተገኝ፤ የማይሆንልህ ከሆነ አስቀድመህ ላክበት። ከዘገየህም «አጠፋሁ» በል እንጂ ጥፋትህን በአባቶችህ መቃብር ላይ አትጫነው።