ዕርቁ ከቁስሉ አይቅደም



ባለፈው ክረምት ሁለት ጎረቤታሞች በጎርፍ መውረጃ ቦይ ተጣልተው አንደኛው ሽመል አነሣ፣ የሌላው ክንድ ተመታ። በማግሥቱ አምስት ሽማግሌዎች ተቀመጥን፤ እኔም አንዱ ነበርኩ። ተመቺውን «ወደ ፖሊስ አትሂድ፣ እኛ እያለን ምን ሲባል» አልነው። እሺ አለ። ሦስት ሺህ ብር ካሣ ቆረጥን፤ መቺው ድንጋይ ተሸክሞ እግር ስሞ ታረቁ። ጠላውም ተጠጣ። ያን ዕለት ደስ ብሎን ነበር፣ አልዋሽም።

ለካ ክንዱ ተሰብሮ ኖሯል። ወጌሻ አሸው እንጂ ራጅ አልተነሣም። ይኸው ዛሬ ዕርፍ አይጨብጥም። ሦስቱ ሺህ ብር ደብረ ታቦር ለሕክምና ሲመላለስ አለቀ። ወንድሞቹም እኛን ሲያዩ ሰላምታቸው ቀዝቅዟል። ታዲያ ያስታረቅነው ማንን ነው?

ሽምግልና ይቅር ማለቴ እንዳይመስላችሁ። በጋይንት፣ በስማዳና በእስቴ ደም ባይደርቅ ኖሮ ስንቱ ቤት ተዘግቶ ይቀር እንደነበር ሁላችንም እናውቃለን። ሕጉም ቢሆን ዕርቅን አይጠላም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አጥቢያ ዳኛው ስድብን፣ ቀላል ድብደባን፣ ትንሽ የንብረት ጉዳትንና ከአምስት ብር የማይበልጥ ስርቆትን በተቻለው መጠን አስማምቶ እንዲጨርስ ያዝዝ ነበር። ካልተስማሙለት ግን ራሱ ፈርዶ እስከ አሥራ አምስት ብር መቀጫ ይጥል ነበር። ልብ በሉ፤ «ቀላል» ነው የሚለው።

በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግም ይለያል። አካል ሳይጎዳ በጥፊ ወይም በግፊያ የተደረገ ነገር፣ ቀላል የአካል ጉዳትም ቢሆን፣ የሚከሰሰው ተበዳዩ ሲያመለክት ነው። ለቀላሉ ጉዳት ቅጣቱ እስከ አንድ ዓመት እስራት ወይም መቀጮ ነው። ይህን ዓይነቱን ሽማግሌ ቢይዘው ያምርበታል። ነገር ግን ማመልከቻው የሦስት ወር ጊዜ አለው። እኛ «ለሰኞ፣ ለሐሙስ፣ ከበዓሉ በኋላ» እያልን ቀጠሮ ስናበዛ የሰውየው መብት ያልፍበታል። እንዲያውም አንዳንዱ በዳይ ሽማግሌ የሚልከው ይህንኑ አስቦ ነው።

ሰው ከባድ ጉዳት አድርሶ አካል ያሳጣ ወይም ከጥቅም ውጭ ያደረገ እንደሆነ ግን ቅጣቱ እስከ አሥራ አምስት ዓመት ይደርሳል። የተበዳዩንም ማመልከቻ አይጠብቅም። እኛ ይህን የመሰለውን ነገር ነው እንደ ጥፊ ቆጥረን በአንድ ቀን የዘጋነው! ከዚህ ላይ የሽማግሌ ሥራ ቂሙን ማብረድ፣ ዘመዳሞቹን ማስታረቅ ነው፤ ጉዳዩን ደብቆ ማስቀረት አይደለም። መቺውም ቢሆን በዕርቁ አይጎዳም፤ ከልቡ ተጸጽቶ የበደለውን ከካሠ ፍርድ ቤቱ ቅጣቱን ሊያቀልለት ይችላል።

ስለ ሴቶቹም አንድ ነገር ልበል። ባሏ ደብድቧት ስትመጣ «ገበናሽን አታውጪ፣ ልጆችሽን አስቢ» ብለን እንመልሳለን። ሕጉ በትዳር ውስጥ የሚደርሰውን ድብደባ ከሌላው ድብደባ አሳንሶ አያየውም። እኛ ለምን እናሳንሰዋለን?

ስለዚህ ከአሁን በኋላ በሰፈራችን ሽማግሌ ከመቀመጡ በፊት ተጎጂው መጀመሪያ ሐኪም ይየው፣ የሐኪም ወረቀቱም ይምጣ። ሳይድን ካሣ አይቆረጥ፤ የሕክምናውን ወጪ መቺው በዋስ ይሸፈን። ስምምነቱ በጽሑፍ ይሁን። ደግሞ «ሽማግሌ አክብር» እያልን አፉን አንዝጋው፤ አልታረቅም ካለ መንገዱን እንልቀቅለት።

የተባለው ላይ ተቃውሞ ያለው በሚመጣው የማኅበሩ ስብሰባ ይናገር። አምስታችንም እንገኛለን። ከዚያ በፊት ግን ክንዱ የተጎዳው ወንድማችን ዘንድ ሄደን ይቅርታ ለመጠየቅ ተስማምተናል።

የማኅበሩ ጸሐፊ