በምሰሶ ጫፍ ላይ የነደደው እሳት

ዊልያም ሼክስፒር «ቴምፔስት» ብሎ በሰየመው ተውኔት ውስጥ ፕሮስፔሮ የሚባለው ጠቢብ በአስማቱ ባስነሣው ማዕበል የጠላቶቹን መርከብ ሲያስጨንቅ፥ ኤሪየል የሚባል ረቂቅ መንፈስ ልኮባት ነበርና፥ ይህ መንፈስ ተልእኮውን ፈጽሞ ሲመለስ፥ ነበልባል ሆኖ አንድ ጊዜ በመርከቢቱ አፍንጫ፥ አንድ ጊዜ በወገቧ፥ አንድ ጊዜም በየክፍሎቿ እንደ ታየ፥ ራሱንም ከፋፍሎ በምሰሶዋ ጫፍና በሸራ መስቀያዎቿ ላይ ለየብቻ እንደ ነደደ፥ በመጨረሻም ተሰብስቦ አንድ እንደ ሆነ ለጌታው ይተርካል። ከተሳፈሩት መኳንንት መካከል ይህን አይቶ ልቡናው ያልታወከ አልነበረም፤ ከመርከበኞቹ በቀር ሁሉም እየዘለሉ ወደ ባሕሩ ገቡ፤ ከሁሉም ቀድሞ የዘለለው የንጉሥ ልጅ የሆነው ፈርዲናንድ ሲሆን፥ የራሱም ጠጉር እንደ ሸንበቆ ቀጥ ብሎ ቆሞ ነበር።

ከዚህ ትረካ ሁለት ነገሮች ለብዙ ጊዜ ከአእምሮዬ አልጠፉም፤ አንደኛው የልዑሉ ጠጉር መቆሙ፥ ሁለተኛውም መርከበኞቹ አለመዝለላቸው ነው። ዛሬ ስለዚህ ለመጻፍ ያነሣሣኝ፥ በአንድ ወገን ልጆቻችን የምትሐትና የአስማት ታሪክ ማንበባቸውን ጊዜ እንደ ማባከን የሚቈጥሩ፥ በሌላው ወገን ደግሞ ምሥጢሩ ያልተገለጠላቸውን ነገር ሁሉ ሳይመረምሩ ተአምር ብለው የሚሰግዱለት ሰዎች መብዛታቸው ነው። እንደ እኔ እምነት ሁለቱም ወገኖች፥ ያዩትን ቆመው ስለማይመረምሩ፥ ከመርከቢቱ ከሚዘልሉት ውስጥ ናቸው።

እሳቱ ከደራሲው ምናብ ብቻ የፈለቀ አይደለም። በ1609 እ.ኤ.አ. በሰሜን አሜሪካ ወደምትገኘው ወደ ቨርጂኒያ ሰፈራ ስትጓዝ የነበረችው «ሲ ቬንቸር» የተባለች የእንግሊዝ መርከብ በብርቱ ዐውሎ ነፋስ ተመታች፤ ተሳፋሪዎቿም፥ መኳንንቱ ሳይቀሩ፥ ቀንና ሌሊት ውሃ እየቀዱ ሲያፈሱ ከቈዩ በኋላ በቤርሙዳ ደሴት አጠገብ በዐለቶች መካከል ተቀረቀረች፤ በውስጧ የነበሩት 150 ያህል ነፍሳትም አንድ ሳይጠፋ ወደ ምድር ወጡ። ከነርሱ አንዱ የነበረው ዊልያም ስትሬቺ በሚከተለው ዓመት በጻፈው ደብዳቤ፥ ከነዚያ ሌሊቶች በአንዱ ደብዛዛ ኮከብ የሚመስል ትንሽ ክብ ብርሃን በዋናው ምሰሶ ላይ ሲንቀጠቀጥ፥ ከገመድም ወደ ገመድ ሲዘልል ለብዙ ሰዓት እንዳዩት፥ ሊነጋጋ ሲልም እንደ ጠፋባቸው ይነግረናል። ተውኔቱ በ1611 በቤተ መንግሥት ከመታየቱ በፊት ሼክስፒር ይህን ደብዳቤ አንብቦታል ብለው የሚያምኑ ሊቃውንት ብዙዎች ናቸው። እኔን ግን ከሁሉ ይልቅ የሚያስደንቀኝ የስትሬቺ ልቡና ጽናት ነው፤ ሞት በደጁ ቆሞ ሳለ ብርሃኑን በጥንቃቄ ተመለከተ፥ የጥንቶቹ ግሪኮች ምን ይሉት እንደ ነበረ አስታወሰ፥ መርከበኞች ብዙ ትርጓሜ እንደሚሰጡት ጻፈ፥ መንገዳቸውን በማቅናት ረገድ ግን አንዳች እንዳልረዳቸው ሳይሸሽግ መሰከረ።

ግሪኮቹ ብርሃኑ ሁለት ሆኖ ሲታይ ካስቶርና ፖሉክስ የተባሉት መንትዮች መጡልን እያሉ ይጽናኑ ነበር፤ ሮማዊው ፕሊኒዮስ እንደ ጻፈው ግን ብቻውን የመጣው ብርሃን መርከብ የሚያሰጥም ክፉ ምልክት ነበረ። እነዚህን መንትዮች የእኛም አንባቢ ሳያውቃቸው አይቀርም፤ በግብረ ሐዋርያት ምዕራፍ 28 ቅዱስ ጳውሎስን ከመላጥያ ወደ ኢጣልያ የወሰደችው የእስክንድርያ መርከብ የዲዮስቆሮስን፥ ማለት የነዚሁን መንትዮች፥ ምልክት የያዘች ነበረችና። ከዚያ በፊት ባለው ምዕራፍ ግን፥ ከሼክስፒር ተውኔት በተቃራኒ፥ 276 ነፍስ በተሳፈረባት መርከብ፥ በታንኳ ሊያመልጡ ያሰቡት መርከበኞቹ ራሳቸው ነበሩ፤ ሐዋርያውም እነርሱ በመርከቢቱ ካልቈዩ ሌላው ሊድን እንደማይችል ለመቶ አለቃው ነገረው። በክርስትና ዘመን ብርሃኑ የቅዱስ ኤልሞ እሳት ተባለ፤ ኤልሞ ማለት በመርከበኞች አንደበት የተለወጠ የኤራስሞስ ስም ሲሆን፥ ይህ ጳጳስ በባሕረ ሐሳባችን ዓመተ ሰማዕታት በሚቈጠርበት በዲዮቅልጥያኖስ ዘመን በሰማዕትነት ያረፈ ነው። መብረቅ በአጠገቡ ሲወድቅ ስብከቱን ሳያቋርጥ ቀጠለ ስለሚባል የባሕር ሰዎች ጠባቂያቸው አደረጉት።

የነገሩ ባሕርይ እንዲህ ነው። የነጐድጓድ ደመና ሲያንዣብብ በደመናውና በታች ባለው ምድር ወይም ባሕር መካከል ብርቱ የኤሌክትሪክ ኃይል ይፈጠራል፤ ይህም ኃይል ሹል በሆነ ነገር ጫፍ፥ በምሰሶም ሆነ በጕልላት መስቀል ላይ ከሁሉ ይልቅ ስለሚበረታ፥ በዚያ ያለውን አየር ሰማያዊና ሐምራዊ አድርጎ ያበራዋል፤ አንዳንድ ጊዜም ሲፍለቀለቅና ሲያፏጭ ይሰማል። እሳት ይባላል እንጂ እንደ እሳት አያቃጥልም፤ የሚያስፈራው ከኋላው ሊከተል የሚችለው መብረቅ ነው። የሰውንም ጠጉር የሚያቆመው ይኸው ኃይል ነው፤ ስለዚህ ሼክስፒር ድንጋጤን ለመግለጽ የጻፈው የፈርዲናንድ ጠጉር፥ በእርሱ ዘመን ማንም ሊተረጕመው የማይችል እውነት በውስጡ ይዞ ቈይቷል። ብርሃኑን ያዩ መርከበኞችም፥ መብረቅ ሊከተለው ስለሚችል፥ መፍራታቸው ስሕተት አልነበረም።

ይህ ብርሃን ከሸራ መርከቦች ጋር ያለፈ የሚመስለው ሰው ቢኖር፥ በጁን 24 ቀን 1982 እ.ኤ.አ. 263 ሰዎች ይዞ ከጃቫ ደሴት አጠገብ በሌሊት ይበር የነበረውን የእንግሊዝ አውሮፕላን ያስታውስ። አብራሪዎቹ በፊታቸው ባለው መስተዋት ላይ ያን ብርሃን ሲጫወት አዩ፤ ከጥቂት ጊዜም በኋላ አራቱም ሞተሮች ተራ በተራ ጠፉ፤ የጋሉንግጉንግ እሳተ ገሞራ የተፋው አመድ ውስጥ ገብተው ነበርና፥ አመዱም ደረቅ ስለ ነበረ የአየር ጠባይ ራዳራቸው አላሳያቸውም። ካፒቴን ኤሪክ ሙዲና ባልደረቦቹ በየቦታቸው ሆነው፥ አውሮፕላኑ እየወረደ ሳለ ሞተሮቹን ደጋግመው ለማስነሣት ሞከሩ፤ ከአመዱም በታች በደረሱ ጊዜ ሞተሮቹ ተነሡ፥ ሰዎቹም ሁሉ በጃካርታ በሰላም ዐረፉ።

እኛ ባሕር ባናይም መብረቅን እናውቀዋለን፤ በየክረምቱ በደጋው ሰውና ከብት ይገድላል፤ እረኛውም ዝናቡን ሽሽት የሚጠጋው ብቻዋን ወደ ቆመች ዛፍ ነው። በመርከብ ላይ ዕውቀት «ቁም» ይላል፥ በተራራ ጫፍ ላይ ግን «ውረድ» ይላል፤ የትኛውን እንደሚል ለልጁ የሚነግረው ሰው ያስፈልጋል። ስለዚህ የመማሪያ መጻሕፍት የሚያዘጋጁት ሊቃውንት የኤሪየልን ታሪክና የኤሌክትሪክን ትምህርት በአንድ ክፍል ያኑሩልን፥ ካህናቶቻችንም የሰማዕቱን የኤራስሞስን ዜና ሲያነሡ መብረቁን አብረው ያንሡልን ብዬ እለምናለሁ። መምህሩ በቅድሚያ የልዑሉን ታሪክ ይተርክ፤ ቀጥሎ ጠጉሩ ስለ ምን እንደ ቆመ ይጠይቅ፤ ልጆቹ ድንጋጤ ነው፥ መንፈስ ነው እያሉ ሲከራከሩ ይታገሣቸው፤ ከዚያም በኋላ፥ ነጐድጓድ በቀረበበት ቀን በኮረብታ ላይ የራሱ ወይም የጓደኛው ጠጉር ሲቆም ያየ ልጅ፥ በጎቹን ባሉበት ትቶ፥ ዛፍ ሳይጠጋ፥ ከቻለ ወደ ቤት፥ ካልቻለም ወደ ዝቅተኛው ስፍራ በፍጥነት እንዲወርድ ይንገራቸው።