የ«ዴሪክ» ደራሲና ያለፈው ዘመኑ

ሄርበርት ራይኔከር እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1914 ሃገን በምትባል የጀርመን ከተማ ተወልዶ በ2007 ያረፈ ደራሲ ነው፤ ሁለት የቴሌቪዥን የወንጀል ምርመራ ተከታታይ ድራማዎችን፣ ማለትም ከ1969 እስከ 1976 የታየውን የ«ዴር ኮሚሳር»ን 97 ክፍል፣ ከ1974 እስከ 1998 የዘለቀውን የ«ዴሪክ»ን ደግሞ 281 ክፍል፣ አንዱን እንኳ ለሌላ እጅ ሳያሳልፍ ብቻውን መጻፉን ሳስብ፣ በቴሌቪዥን ድርሰት ታሪክ እንዲህ ያለ ትጋት በቀላሉ የሚገኝ አይመስለኝም።

በ«ዴሪክ» የመጀመሪያ ክፍሎች ነፍሰ ገዳዩ ማን እንደሆነ ተመልካቹ ከመነሻው ያውቀዋልና፣ ልብ የሚንጠለጠለው የገዳዩን ማንነት ለማወቅ ሳይሆን፣ ደም ያፈሰሰ ሰው ከኅሊናው ጋራ እንዴት አድሮ እንዴት እንደሚነሣ ለማየት ነው። ሆርስት ታፐርት የሚጫወተው ዋና መርማሪ ወደ አንድ የሙኒክ ባለጸጋ ቤት ይገባል፤ ድምፁን ከፍ አያደርግም፤ ረዳቱ ሃሪ ክላይን ከጎኑ ቆሞ ሳለ እሱ በዝግታ ጠይቆ ዝም ይላል፤ ዝምታውም ተጠርጣሪው ሳይገደድ መናገር እስኪጀምር ድረስ ይረዝማል። ከተኩሱ ይልቅ ኑዛዜው ይበልጣል፤ ከ100 በሚበልጡ አገሮች የታየውም ስለዚህ ይመስለኛል።

ነገር ግን ስለ በደልና ስለ ፍዳ እንዲህ አጥብቆ የጻፈው ይኸው እጅ፣ በወጣትነቱ ለሂትለር የወጣቶች ማኅበር የሚታተሙ መጽሔቶችን ያዘጋጅ ነበር፤ በጦርነቱ ዘመን የናዚው ኤስኤስ ተዋጊ ጦር የነበረው የቫፈን ኤስኤስ የጦር ዘጋቢ ሆነ፤ በ1944ም ከፊልሙ አዘጋጅ ከአልፍሬድ ቫይደንማን ጋራ ሆኖ፣ በአውሮፕላን ፋብሪካ የሚሠሩ ልጆችን ታዛዥነት የሚያሞግሰውን «ዩንገ አድለር» የተባለ ፊልም ጻፈ። ከዚያ 10 ዓመት ሲሞላ፣ የናዚ መንግሥት የጦር ስለላ አለቃ የነበረውንና በዚያው መንግሥት በስቅላት የተገደለውን የአድሚራል ካናሪስን ታሪክ ለፊልም ደርሶ የአገሩን የፊልም ሽልማት ተቀበለ።

በ2013 ታፐርት በወጣትነቱ የቫፈን ኤስኤስ ወታደር እንደነበረ በተገለጠ ጊዜ፣ ዜድ ዲ ኤፍ የተባለው የጀርመን ቴሌቪዥን ጣቢያ «ዴሪክ»ን ዳግመኛ ማሳየቱን ተወ። ይህን ፍርድ አልቀበለውም። የታፐርት መዝገብ ሲገኝ ሁሉ ደነገጠ፤ የደራሲው ታሪክ ግን አስቀድሞ የታወቀ ሆኖ ሳለ ድርሰቱን ከመታየት አላገደውም፤ ቃሉን የተናገረው ተዋናይ ሲወቀስ ቃሉን የጻፈው ሳይጠየቅ ቀረ። ደግሞም መሸሸግ የንስሐ መንገድ አይደለም፤ ያን ትውልድ ለመመርመር ከነዚህ ድርሰቶች የተሻለ ምስክር ከየት ይመጣል?

ጣቢያው ፊልሞቹን ያውጣና ለሚያይ ወጣት ሁሉ የደራሲውን ታሪክ አስቀድሞ ይንገር፤ የድርሰት መምህራንም የ1944ቱን ፊልምና ከ30 ዓመት በኋላ የታየውን የ«ዴሪክ» መጀመሪያ ክፍል ጎን ለጎን አቅርበው፣ ስለ መታዘዝና ስለ ኅሊና በሁለቱ የተጻፈውን ተማሪዎቻቸው መስመር በመስመር እንዲመረምሩ ያድርጉ።