ፖሊስ አቤቱታ ሳይመዘግብ ሲያዘገይ ፍርድ ቤት ምን ያህል ሊደርስ ይችላል?

በኮምቦልቻ ዙሪያ ጤፍ በሚያሽትበት ወቅት የጎረቤት ከብት ሆን ተብሎ ማሳ ላይ ቢለቀቅ፣ ማስረጃው የሚቆየው ለጥቂት ቀናት ነው። ዝናብ ዱካውን ያጥባል፤ የተረገጠውም ከተረፈው ጋር ታጭዶ ይነሣል። በደሴ ገበያ ሞባይሉ የተሰረቀበት ነዋሪም ቢሆን ዕቃው በሁለት ቀን ውስጥ ሦስት እጅ እንደሚቀያየር ያውቃል። "ነገ ተመለስ" የሚለው የጣቢያ መልስ ከመጉላላት ያለፈ ዋጋ የሚያስከፍለው ለዚህ ነው።

ሕጉ በዚህ ረገድ ዝም አላለም። ከ1954 ዓ.ም. ጀምሮ ሲሠራበት የቆየው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 11 ማንኛውም ሰው ወንጀል መፈጸሙን የማመልከት መብት ይሰጣል። አንቀጽ 22 እና 23 መርማሪው የቀረበለት ጥቆማ አጠራጣሪ ቢመስለው እንኳ እንዲመረምር ያዝዛሉ። በአንቀጽ 24 መሠረት የአመልካቹ ቃል በጽሑፍ ይሰፍራል፤ ተነቦለትም ይፈርምበታል።

ጉድለቱ ያለው ከቀን አቆጣጠሩ ላይ ነው። የተያዘ ተጠርጣሪ፣ የጉዞው ጊዜ ሳይቆጠር፣ በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ እንዳለበት ሕገ መንግሥቱ ደንግጓል። ለተበዳዩ ግን ምርመራው ያለ አላስፈላጊ መዘግየት ይጠናቀቅ ከማለት በቀር በሥነ ሥርዓት ሕጉ የተቆረጠ ሰዓት የለም።

ፍርድ ቤት የሚገባበት በር ራቅ ብሎ ይገኛል። ዐቃቤ ሕግ ማስረጃው አይበቃም ብሎ ክስ አልመሠርትም ካለ፣ ወንጀሉ በግል አቤቱታ ብቻ የሚያስቀጣ ሲሆን ተበዳዩ ራሱ ክሱን እንዲመራ ይፈቀድለታል፤ በሌላው ወንጀል ደግሞ ውሳኔው በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ዐቃቤ ሕጉ እንዲከስ ትእዛዝ ይሰጥልኝ ብሎ ፍርድ ቤት ማመልከት ይችላል። ሁለቱም የሚነሡት ከዐቃቤ ሕግ የጽሑፍ ውሳኔ ነው። ውሳኔው መዝገብ ይፈልጋል፤ መዝገቡም የሚከፈተው አቤቱታው ሲጻፍ ነው። ያልተመዘገበ ሰው እንግዲህ ይግባኝ የሚልበት ነገር እንኳ በእጁ የለም።

በወሎ አበጋሮች የሚመሩት እርቅ ደም ያደርቃል፤ የሰብል ጠብ ለእነርሱ ቀላሉ ነው። ስለዚህ ፖሊስ ባለጉዳዩን ወደ ሽማግሌ ቢመራ ነውር የለበትም፤ ሳይመዘግብ ሲመራ ግን ጉዳት ያስከትላል። ተራ የንብረት ማበላሸት በግል አቤቱታ ብቻ የሚያስቀጣ በመሆኑ፣ አቤቱታው ድርጊቱ ወይም አድራጊው ከታወቀበት ቀን ጀምሮ በ3 ወር ውስጥ ካልቀረበ መብቱ ይቀራል። ሽምግልናው ከመስከረም ወደ ታኅሣሥ ሲንጓተት አርሶ አደሩ ከእርቁም ከክሱም ሊሆን አይችልም። (ከብቱ በቸልታ ብቻ ከገባ ነገሩ የፍትሐ ብሔር ካሣ ስለሆነ ሌላ መንገድ ይከተላል።)

በሕንድ ተመሳሳይ ክርክር እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ ነበር። ለአካለ መጠን ያልደረሰች ልጁ የተጠለፈችበት አባት ጣቢያው አቤቱታውን ወዲያው አልመዘገበለትም። አምስት ዳኞች በኅዳር 2006 ዓ.ም. በሰጡት ፍርድ፣ አቤቱታው ከባድ ወንጀል የሚያመለክት ከሆነ ፖሊስ የመመዝገብ ግዴታ እንዳለበትና የማይመዘግብ ፖሊስም እርምጃ ሊወሰድበት እንደሚገባ ወሰኑ። በእኛም የወንጀል ሕግ አንቀጽ 420 ያለ በቂ ምክንያት የሥራ ግዴታውን ባለመወጣት ጉዳት የሚያደርስ የመንግሥት ሠራተኛን ይቀጣል። ነገር ግን ይህንም ክስ የሚመረምረው ፖሊስ፣ የሚያቀርበውም ዐቃቤ ሕግ ስለሆነ፣ ተበዳዩ ዞሮ እዚያው ደጃፍ ላይ ይቆማል።

እስከዚያው የሚሠራው መንገድ አንቀጽ 15 ነው፤ አቤቱታው ለፖሊስ ብቻ ሳይሆን ለዐቃቤ ሕግም ሊቀርብ ይችላል። ጣቢያ ተመላልሶ መዝገብ ያላገኘ የደሴ ወይም የኮምቦልቻ ባለጉዳይ በሁለት ቅጂ ጽፎ፣ ቀን አስፍሮና ፈርሞ ለፍትሕ ጽሕፈት ቤት ቢያስገባ፣ ማኅተምና የገቢ ቀን ያረፈበት አንዱ ቅጂ በእጁ ይቀራል። የ3 ወሩ ጥያቄ በተነሣ ጊዜ የሚታየው ያ ቀን ነው።