«መዝገቡ ይመለስ» — ለማን ጥቅም?

«በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ፣ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ» ይላሉ አበው። ጭብጥ ሳይያዝ፣ ማስረጃ ሳይሰማ የተሰጠ ፍርድ በበላይ ፍርድ ቤት መታረሙ አያጠያይቅም። የሚያጠያይቀው አስተራረሙ ነው።

የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 341 እና 343 መዝገብን ወደ ሥር ፍርድ ቤት መመለስን ይፈቅዳል። ሆኖም በመዝገቡ ያለው ማስረጃ በቂ ከሆነ ይግባኝ ሰሚው ራሱ እንዲወስን ቁጥር 342 ሥልጣን ሰጥቶታል።

ለመሆኑ «ይመለስ» የምትለው ቃል በሳላማጎ ወረዳ፣ በሃና ለሚኖር ተሟጋች ምን ማለት ናት? ጂንካ ተመላልሶ፣ ሰበር ከደረሰም አዲስ አበባ ዘልቆ፣ «እንደገና ጀምር» መባል ነው። ስሕተቱ የዳኛው፣ ወጪው የባለ ጉዳዩ! በዚህ መሐል ምስክር ይሞታል፤ ያከራከረው ከብትም ይሸጣል። ተሟጋቹ ቦዲ ወይም ሙርሲ ከሆነ ደግሞ የአስተርጓሚ ፍለጋው እንደ አዲስ ይጀመራል።

በአዋጅ ቁጥር 1234/2013 መሠረት የፌዴራል ሰበር ችሎት የሚሰጠው የሕግ ትርጉም በየደረጃው ያሉ ፍርድ ቤቶችን ያስገድዳል። እንግዲያስ ችሎቱ ልጓሙን ያብጅ፦ ማስረጃው ከተሟላ የበላዩ ፍርድ ቤት ራሱ ይወስን፤ ካልተሟላ የጎደለውን ለይቶ ይመልስ። ሥነ ሥርዓት የፍትሕ መንገድ እንጂ የባለ ጉዳይ ማድከሚያ ሊሆን አይገባም።