የቆዩ የኤሌክትሮኒክስ መጽሔቶች ዲጂታል ክምችት፦ የገጽ ምስል ብቻውን ምንጭ አይሆንም

በአሜሪካና በእንግሊዝ ለኤሌክትሮኒክስ አፍቃሪዎች ይታተሙ የነበሩ መጽሔቶች ዛሬ በዲጂታል ክምችቶች በብዛት ይገኛሉ። ለቴክኖሎጂ ታሪክ አጥኚ እነዚህ ኅትመቶች የመጀመሪያ ደረጃ ምንጮች ናቸው። አርተር ሲ. ክላርክ ሳተላይቶች ለመገናኛ ቅብብሎሽ እንዴት ሊያገለግሉ እንደሚችሉ ያብራራው እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 1945 በ«ዋየርለስ ወርልድ» ላይ ነው። «አልቴር 8800» የተሰኘው ኮምፒውተርም በሰፊው የተዋወቀው በ«ፖፑላር ኤሌክትሮኒክስ» የጃንዋሪ 1975 እትም ነው።

ይሁን እንጂ የገጹን ምስል ማስቀመጥና ምንጩን መጠበቅ አንድ አይደሉም። በዚያ እትም ሽፋን ላይ የሚታየው አልቴር ውስጡ ባዶ ነበር፤ የሚሠራው ናሙና ወደ ኒው ዮርክ ሲላክ መንገድ ላይ ጠፍቷል። ምስሉ ብቻውን ይህን አይናገርም።

ሁለተኛው ችግር በኮምፒውተር ተነብቦ በሚወጣው ጽሑፍ ላይ ይታያል። የአሥርዮሽ ነጥብ ከተዘለለ 4.7 የነበረው 47 ይሆናል። በቀድሞው አጻጻፍ «ኤምኤፍ» ማይክሮፋራድን፣ «ኤምኤምኤፍ» ደግሞ የእሱን አንድ ሚሊዮንኛ ያመለክት ስለነበር የአንዲት ፊደል መውደቅ መጠኑን ሚሊዮን ጊዜ ያዛባል።

ሦስተኛው የእርማት ጉዳይ ነው። በታተመ ንድፍ ላይ ስሕተት ሲገኝ እርማቱ የሚወጣው በኋለኛ እትም ነበር። አንድ ጽሑፍ ነጥሎ የሚያወርድ ተመራማሪ ስሕተቱን ይዞ ይሄዳል፤ እርማቱን ግን አያገኝም።

ብዙዎቹን ክምችቶች የገነቡት በጎ ፈቃደኞች በመሆናቸው ይህን ሁሉ ከእነርሱ መጠበቅ አይገባም የሚል መከራከሪያ ሊቀርብ ይችላል። መከራከሪያው ትክክል ነው፤ ኃላፊነቱ ወደ ዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት መሻገር ያለበትም በዚሁ ምክንያት ነው። ቤተ መጻሕፍቱ እያንዳንዱን እትም ከነማስታወቂያው ሙሉውን ሊያስቀምጡ፣ እርማቶችን ከየጽሑፋቸው ጋር ሊያያይዙ፣ የወረቀቱንም ቅጂ ከመጣል ሊቆጠቡ ይገባል። የአልቴር መገጣጠሚያ ዕቃዎች በ397 ዶላር ይሸጡ እንደነበር የሚያሳየውን ዓይነት ማስረጃ ጠብቀው ያቆዩት እንደ ትርፍ ገጽ የሚቆጠሩት ማስታወቂያዎች ናቸውና። ተመራማሪውም በበኩሉ ቁጥርን ከመጥቀሱ በፊት ከገጹ ምስል ጋር ማመሳከር ግዴታው ነው። ይህ ካልተደረገ የክምችቱ ስፋት ስሕተትን በፍጥነት ከማሰራጨት ያለፈ ጥቅም አይኖረውም።